የውቅያኖስ ልኬትና የጌዴኦ ዝናብ

የጌዴኦ አገር ከባሕር እጅግ የራቀ ደጋ ስለ ሆነ፣ የውቅያኖስን ሙቀት መለካት በይርጋ ጨፌ አጠገብ ለሚገኘው ለኢዲዶ ገበሬ ምን ይጠቅመዋል ብሎ የሚጠይቅ ሰው ይኖር ይሆናል። የዚህ አጭር ጽሑፍ ዓላማ ለዚህ ጥያቄ ከታሪክ መልስ መስጠት ነው።

ጥናቱን ያስጀመረው ረኃብ ነው። እ.ኤ.አ. በ1877 እና በ1899 በህንድ አገር ዝናብ ቀርቶ ብዙ ሕዝብ አለቀ። በ1904 የህንድ የአየር መመልከቻ ጣቢያዎች ዋና ሹም የሆነው እንግሊዛዊው ጊልበርት ዎከር የዝናቡን መጉደል አስቀድሞ ለማወቅ ሲል የልዩ ልዩ አገሮችን የአየር ግፊት፣ የሙቀትና የዝናብ መዝገብ አስተያየ። ከነዚህም አንዱ የዓባይ ሙላት ነበር። በካይሮ የሮዳ ደሴት የሙላቱ መዝገብ ከ622 ይጀምራል፤ ሙላቱም በአብዛኛው ከኢትዮጵያ ደጋ የሚወርድ የክረምት ውሃ ነው። ስለዚህ የሰሜኑ ክረምታችን በአገር ቤት ሳይለካ በግብፅ ይለካ ነበር ማለት ይቻላል።

ዎከር በሰላማዊ ውቅያኖስና በህንድ ውቅያኖስ ላይ ያለው የአየር ግፊት እንደ ሚዛን አንዱ ሲወጣ ሌላው እንደሚወርድ ተረዳ። ይህ መዋዠቅ ኤልኒኖ ከሚባለው የባሕር መሞቅ ጋር የተያያዘ መሆኑን በ1969 ያስረዳው ያኮብ ብየርክነስ ነው። ነገር ግን ባሕሩን ራሱን መለካት ያስፈልግ ነበር። ከ1959 እስከ 1965 የብዙ መንግሥታት መርከቦች የህንድ ውቅያኖስን በኅብረት መረመሩ። ከ2000 ወዲህ ደግሞ አርጎ የሚባሉ ተንሳፋፊ መሣሪያዎች እስከ 2,000 ሜትር ጠልቀው በየ10 ቀኑ እየወጡ፣ የባሕሩን ሙቀትና ጨዋማነት በሳተላይት ያስታውቃሉ።

ከዚህ ልኬት የተገኘው ትምህርት ለጌዴኦ ልዩ ጥቅም አለው። ኤልኒኖ የሰሜኑን ክረምት ያጎድላል፤ በ2015 ከ10 ሚሊዮን በላይ ሕዝብ ርዳታ ፈላጊ የሆነው በዚሁ ድርቅ ነው። በደቡብ ግን ዝናቡ ሁለት ወቅት አለው፤ አንደኛው በመጋቢት ግድም ጀምሮ ቡናውን የሚያሳብበው፣ ሁለተኛው ከመስከረም በኋላ የሚዘንበው ነው። በ1997 እና በ2019 እንደሆነው፣ የህንድ ውቅያኖስ በአፍሪካ በኩል ሲሞቅና በሱማትራ በኩል ሲቀዘቅዝ ይህ ሁለተኛው ዝናብ ይበረታል። ያም ወራት ቡና የሚለቀምበትና የሚሰጣበት ነው፤ ዝናብ የደበደበው ስጥ ይሻግታል፣ ዋጋውም ይወድቃል።

እንግዲህ «የኤልኒኖ ዓመት ነው» ሲባል ለወሎ ገበሬ የድርቅ ማስጠንቀቂያ ሲሆን፣ ለኢዲዶ ገበሬ ግን ስጡን የሚከድንበት አዘጋጅ ማለት ሊሆን ይችላል። የባሕሩ ቁጥር ይህን ያህል ሊመራን የሚችለው ግን በየቀበሌው የሚወርደው ዝናብ በየቀኑ ተለክቶ ከእርሱ ጋር ሲስተያይ ነው። ሮዳ የሚያስተምረን ይህንኑ ነው፤ ለረጅም ዘመን የተጻፈ መዝገብ፣ ጸሐፊው ላላሰበው ጥያቄ ሳይቀር መልስ ይሆናል።