ምችና ፀሐይ

በቀድሞው አከፋፈል የየራሳቸው አውራጃ ዋና ከተሞች የነበሩት ብቸናና ሞጣ ከባሕር ወለል በላይ 2,500 ሜትር በሚያህል ከፍታ ላይ የተቆረቆሩ ናቸው። ከምድር ወገብም የሚርቁት ከ10 እስከ 11 ዲግሪ ብቻ በመሆኑ፣ ከክረምቱ ደመና በቀር ፀሐይ የሚያጡበት ወራት የለም። እረኛውና አራሹ ዓመቱን ሙሉ ይሞቋታል። በዚህችው ፀሐይ ሥር የሚወለደው ሕፃን ግን፣ በደጋው አገር ሁሉ በኖረው ልማድ መሠረት፣ የመጀመሪያ ጊዜውን የሚያሳልፈው በጥላ ነው። ወንድ ከሆነ 40፣ ሴት ከሆነች 80 ቀን ሞልቶ ክርስትና እስኪነሣ ድረስ ከእናቱ ጋር በቤት ይከርማል፤ ከዚያም በኋላ ምች እንዳይመታውና የሰው ዓይን እንዳይወጋው ተሸፋፍኖ ይያዛል።

ፀሐይና አጥንት የተዛመዱ መሆናቸውን ዓለም የተረዳው ቀስ በቀስ ነው። እ.ኤ.አ. በ1822 ፖላንዳዊው ሐኪም ስኒያዴትስኪ፣ እግራቸው የሚጎብጥ ልጆች በዋርሶ ከተማ ሲበዙ በገጠሩ ግን እምብዛም አለመሆናቸውን አስተውሎ ፀሐይን በመድኃኒትነት አመለከተ። በ1919 የበርሊኑ ሐኪም ሁልድሺንስኪ ሪኬትስ የተባለውን ይህንኑ የአጥንት መለስለስ በሜርኩሪ መብራት ጨረር ፈወሰ። ጨረሩ ያረፈው በአንደኛው ክንድ ላይ ብቻ ሲሆን የሌላውም ክንድ አጥንት ጠነከረ። ይህም በቆዳ ውስጥ የተሠራ አንድ ንጥረ ነገር በደም ተጉዞ መላውን አካል እንደሚያገለግል አመለከተ። ዛሬ እንደሚታወቀው ንጥረ ነገሩ ቪታሚን ዲ ነው። አልትራቫዮሌት ጨረር በቆዳ ውስጥ ይጀምረዋል፤ ጉበትና ኩላሊት ይፈጽሙታል፤ አንጀትም ካልሲየምን ከምግብ በሚገባ የሚመጠው በእርሱ ርዳታ ነው።

የአገራችን ማስረጃ ከአዲስ አበባ ይመጣል። በኢትዮ ስዊድን የሕፃናት ሆስፒታል ተደርጎ በ1997 ላንሴት በተባለው የሕክምና መጽሔት የወጣው ጥናት ከአምስት ዓመት በታች የሆኑ ልጆችን አነጻጸረ። የሳምባ ምች ከያዛቸው 500 መካከል 210ዎቹ ሪኬትስ ሲኖርባቸው፣ ካልያዛቸው 500 መካከል የተገኘባቸው 20 ብቻ ነበሩ። የደረት አጥንት ሲለሰልስ ትንፋሽ ይደክማልና። እንግዲህ ልብ ይሏል፤ ከምች ይድን ዘንድ ከፀሐይ የተሸሸገው ልጅ ለሳምባ ምች ይጋለጣል ማለት ነው።

ነገሩ ለሐኪም ብቻ የሚተው አይደለም። ይህ ጸሐፊ የቤት ፕላን ሲያወጣ፣ መስኮቱ ሰፊ ከሆነ ፀሐይ ገባ ይል ነበር። ስሕተት ነው። ብርሃኑና ሙቀቱ ሲያልፉ፣ ቪታሚን የሚሠራውን ጨረር ተራ የመስኮት መስተዋት ያስቀረዋል። የሁልድሺንስኪ መብራት የፈወሰውም ጨረሩን የሚያሳልፍ የኳርትዝ መብራት ስለ ነበረ ነው።

ብቸናና ሞጣ እንደ ሌሎቹ ከተሞቻችን ግቢው እየጠበበ፣ ፎቁ እየበዛ ሲሄድ፣ አያት የልጅ ልጇን ገላ ገልጣ ለጥቂት ደቂቃ በጠዋት ፀሐይ የምታሞቅበት፣ ወደ ምሥራቅ የተከፈተ ደጅ ወይም በረንዳ በፕላኑ ላይ ሊኖር ይገባል። ፀሐይ ያለ ዋጋ ተሰጥታናለች፤ የእኛ ድርሻ መንገዷን አለመዝጋት ነው።