አልቅት፦ የአንድ ስም ታሪክና የሳይንስ አገባቡ

የሳይንስ ስሞችን ወደ አማርኛ የሚመልስ ሰው ሁለት ዓይነት ችግር ይገጥመዋል። አንደኛው ነገሩ በአገር ውስጥ ያልታየ፣ ስሙም ያልተሰማ ሲሆን የሚመጣ ነው። ይህ አስቸጋሪ ቢመስልም መንገዱ ግልጽ ነው፤ ወይ አዲስ ቃል ይፈጠራል፣ ወይ የውጭው ቃል እንዳለ ይወሰዳል። ሁለተኛው ግን ከዚህ የረቀቀ ነው። ነገሩ በየወንዙ ይገኛል፤ ስሙም ከእረኛ እስከ ሊቅ በሁሉ አፍ ይነገራል፤ ሆኖም ከውጭ የመጣው መጽሐፍ ለነገሩ የሚሰጠው ፍች በአገሩ ከሚታወቀው ጋር አይገጥምም። በዚህ ጊዜ ስሙን ከአገር፣ ፍቹን ከባዕድ መጽሐፍ መውሰድ ቀላል ነው፤ ውጤቱ ግን ቃሉ ተሸክሞት የኖረውን ዕውቀት ማጣት ይሆናል። በወንዝና በኩሬ ውኃ የሚኖረው የአልቅት ስም ለዚህ ሁነኛ ምሳሌ ስለሆነ፣ ታሪኩንና አገባቡን ከዚህ ቀጥለን እንመረምራለን።

ቃሉ በምሥራቅ ጎጃም

ከብቸና ወደ ሞጣ በሚወስደው መንገድ ላይ የምትገኘው ደብረ ወርቅ፣ በጥንታዊው የማርያም ገዳሟ የታወቀች የእናርጅ እናውጋ ወረዳ ከተማ ናት። በስተምዕራቧ ከፍታው ከ4,000 ሜትር የሚበልጠው የጮቄ ተራራ ይገኛል። ከጮቄ የሚመነጩት እንደ ሙጋና እንደ ሱሃ ያሉት ወንዞች ደጋውን አቋርጠው ወደ ዓባይ ሸለቆ ይወርዳሉ። በክረምት ደፍርሰው የሚሞሉት ጅረቶች በበጋ ይጎድላሉ፤ ውኃውም በየጉድጓዱ ተቋጥሮ ኩሬ ይሆናል። ሰውም ከብትም ወደዚያው ኩሬ ይወርዳሉ። አልቅት የሚፈራው በዚህ ወቅት ነው።

እዚህ ላይ የአማርኛን አነጋገር ልብ ማለት ይገባል። ውሻ ነከሰው፣ እባብ ነደፈው፣ መዥገር ተጣበቀበት ይባላል። ስለ አልቅት ሲነገር ግን የተለመደው «አልቅት ያዘው» ነው። ይህም «ወባ ያዘው»፣ «ጉንፋን ያዘው» ከሚለው ጋር አንድ ዓይነት አገባብ ነው። ተናጋሪው በዚህ ግስ የሚገልጸው ከውጭ መጥቶ ነክሶ የሚሄድ እንስሳ ሳይሆን፣ ወደ ውስጥ ገብቶ የሚሰነብት ደዌ ነው። ከበሬው ወይም ከበቅሎዋ አፍና አፍንጫ ደም ሲንጠባጠብ ያየ ገበሬ ሌላ ማስረጃ ሳያሻው «አልቅት ይዞታል» ይላል። በመንገድ የጠማው ሰውም የኩሬ ውኃ ከመጠጣቱ በፊት በነጠላው ጫፍ ያጠላል። እንዲህ ማድረጉ አልቅት የሚገባው በሚጠጣ ውኃ መሆኑን ስለሚያውቅ ነው።

የአውሮፓ መማሪያ መጻሕፍት ፍች ግን ከዚህ የተለየ ነው። በእነርሱ ዘንድ አልቅት በመጀመሪያ የሚታሰበው ከሰው ቆዳ ላይ ተጣብቆ ደም የሚመጥ ትል ሆኖ ነው። ይህ ፍች የተሳሳተ አይደለም፤ ነገር ግን የተወሰደው ከሌላ የአልቅት ዓይነት ነው። እ.ኤ.አ. በ1758 ሊኔ «ሂሩዶ መዲሲናሊስ» ብሎ የሰየመው የአውሮፓው አልቅት፣ ቆዳን የሚቀዱ ጥርሳም ሦስት መንጋጋዎች አሉት። በእኛ አገር ሰውንና ከብትን በይበልጥ የሚያስቸግረው «ሊምናቲስ ኒሎቲካ» ደግሞ መንጋጋው ደካማ ስለሆነ ደረቅ ቆዳ መቅደድ አይችልም። ስለዚህ ለስላሳውን የአፍ፣ የአፍንጫ፣ የጉሮሮና የላንቃ ሽፋን ይፈልጋል። ገና ግልገል ሳለ እንደ ክር የቀጠነ በመሆኑ በውኃ ውስጥ አይታይም፤ ተጠጥቶ ከገባ በኋላ ደም እየመጠጠ ለሳምንታት ያድጋል። እንግዲህ «አልቅት ያዘው» የሚለው የገበሬው አነጋገር፣ ለዚህኛው ዓይነት፣ ከመማሪያው መጽሐፍ ፍች ይልቅ ትክክለኛ ነው።

የቃሉ ሥርና ዘመዶቹ

አልቅት የግዕዙ ዐለቅት ነው። በሴማውያን ቋንቋዎች ዘንድ ዘመዶቹ ብዙ ናቸው። ዕብራይስጡ ዐሉቃ ይለዋል፤ ዐረብኛውም ዐለቅ። በትግርኛም ከዚሁ ሥር የወጣው ስም የዐይንን ድምፅ ሳይለቅ ይነገራል። በዐረብኛ ግሱ ተጣበቀ፣ ተንጠለጠለ ማለት ነው፤ ከዚያው ሥር የወጣው ዐለቅ የረጋ ደምም ይባልበታል፤ የቁርኣን 96ኛው ምዕራፍም በዚሁ ቃል ይጠራል። የስሙ መሠረት እንግዲህ ደም መምጠጥ ሳይሆን መጣበቅ ነው።

አማርኛ የዐይንን ድምፅ ስለተወ፣ አልቅት በጆሮም በጽሕፈትም «አለቀ» ከሚለው ግስ ጋር ተቀራርቧል። አልቅት የያዘው ከብት ከስቶ ስለሚያልቅ ስሙ ከዚያ የመጣ ነው ብሎ መተርጎም ለጊዜው ይማርካል። ነገር ግን የአማርኛው አለቀ የግዕዙ ኀልቀ ሲሆን፣ የመጀመሪያ ፊደሉ ብዙኃን ኀ ነው፤ ዐለቅት ግን በዐይኑ ዐ ይጀምራል። በግዕዝ ሁለት የነበሩት ሥሮች በአማርኛ አንድ መስለው የታዩት ኀና ዐ ሁለቱም ድምፃቸውን በማጣታቸው ነው። የፊደላችን ልዩነት በንባብ ባይሰማም በታሪክ ምስክርነቱ የሚጠቅመው እንዲህ ባለው ስፍራ ነው።

ይህ ነገር የመዝገበ ቃላትን አሠራር ይነካል። በ1948 ዓ.ም. የታተመው የአለቃ ኪዳነ ወልድ ክፍሌ «መጽሐፈ ሰዋስው ወግስ ወመዝገበ ቃላት ሐዲስ» በአበገደ ተራ የተዘጋጀ ስለሆነ፣ በአሌፉ አ የሚጀምር ቃል በመጽሐፉ መግቢያ፣ በዐይኑ ዐ የሚጀምረው ደግሞ ርቆ ወደ ኋላ ይገኛል። ደቀ መዝሙራቸው ደስታ ተክለ ወልድ በ1962 ዓ.ም. ያሳተሙት የአማርኛ መዝገበ ቃላትም ይህንኑ ተራ ተከትሏል፤ በርእሱ ላይ እንኳ «ዐዲስ» የሚለውን ቃል በዐይኑ ጽፈውታል። በ1993 ዓ.ም. የወጣው የኢትዮጵያ ቋንቋዎች ጥናትና ምርምር ማዕከል «አማርኛ መዝገበ ቃላት» ደግሞ በሀለሐመ ተራ ነው። አንባቢ በቀላሉ እንዲያገኘው የዕለቱን ልማድ ይዞ አልቅት ብሎ መጻፉ ተገቢ ነው፤ ከስሙ ቀጥሎ ግን የግዕዙ ዐለቅት መጠቀስ አለበት።

ከግሪክ ወደ ግዕዝ

መጽሐፈ ምሳሌ በምዕራፍ 30 ቁጥር 15 ላይ ስለማይጠግቡ ነገሮች ሲናገር የአልቅትን ሴቶች ልጆች ያነሣል። ዕብራይስጡ ሁለት ሲላቸው የሰብዓ ሊቃናት ግሪክ ሦስት ይላቸዋል። በአክሱም ዘመን ቅዱሳት መጻሕፍትን ከግሪክ የመለሱት ተርጓሚዎች እዚህ ቦታ ላይ ያገኙት ቃል «ብዴላ» የሚል ነበር። ብዙ የግሪክ ቃላት እንዳሉ ወደ ግዕዝ የገቡ ቢሆንም፣ ይህ ግን አልገባም። በአገራቸው ውኃ የሚኖረውን፣ በአገራቸው አፍ የሚጠራውን ዐለቅትን ጻፉ።

ይኸው የግሪክ ቃል ከብዙ ዘመን በኋላ በሳይንስ በኩል ተመልሶ መጣ። እ.ኤ.አ. ከ1798 እስከ 1801 ግብጽን ይዞ የነበረው የፈረንሳይ ጦር ወታደሮች በጉዟቸው ያገኙትን ውኃ ሲጠጡ አልቅት በጉሮሯቸውና በአፍንጫቸው ይያዝ ነበር፤ የጦሩ ዋና ቀዶ ሐኪም ላሬም ሕመሙን በጽሑፍ አቆይቷል። ከጦሩ ጋር ወደ ግብጽ ከሄዱት ሊቃውንት አንዱ የነበረው ሳቪኚ እ.ኤ.አ. በ1822 ለእንስሳው «ብዴላ ኒሎቲካ» የሚል ስም ሰጠው። ኒሎቲካ «የዓባይ» ማለት ነው። ብዴላ የሚለው የወገን ስም ግን እ.ኤ.አ. በ1795 ለሌላ ጥቃቅን ፍጥረት ተሰጥቶ ስለነበር ሊጸና አልቻለም። ሞካን ታንዶን እ.ኤ.አ. በ1827 «ሊምናቲስ» የሚለውን ስም አወጣ፤ ይህም በግሪክ ሐይቅና ረግረግ ከሚለው ቃል የተገኘ ነው።

እንግዲህ የሳይንሱን መጽሐፍ የሚተረጉም የዛሬው ሰው፣ የአክሱሙ ተርጓሚ በቆመበት ስፍራ ቆሟል። ያው ፍጥረት፣ ያው የባዕድ ስም ቀርቦለታል። የቀድሞው ያደረገውን ለመተው ምክንያት የለውም።

ለምን «ደም መጣጭ» አይባልም?

አንዳንዶች ለመላው ወገን «ደም መጣጭ ትል» የሚለውን ሐረግ ይመርጣሉ። ይህ አሳብ በአውሮፓም አዲስ አይደለም። ሮማዊው ፕሊኒ በአንደኛው መቶ ክፍለ ዘመን ስለ ዝሆን ሲጽፍ፣ ዝሆን ውኃ ሲጠጣ አልቅት ከገባበት እጅግ እንደሚሠቃይ ገልጾ፣ ሂሩዶ የተባለውን ይህን ፍጥረት ሕዝቡ ደም መጣጭ ብሎ መጥራት እንደጀመረ አመልክቷል። ሐረጉ ግን ለሳይንስ አይመችም። አልቅቶች ሁሉ ደም አይመጡምና፤ ቀንድ አውጣና ሌሎች ጥቃቅን የውኃ ፍጥረታትን አድነው የሚመገቡ አሉ። በአንጻሩ በአካላቸው ጫፍ መጣበቅ የወገናቸው መለያ ነው። ከላይ እንደተገለጸው የዐለቅት ሥር የሚያመለክተው ይህንኑ መጣበቅ ስለሆነ፣ የጥንቱ ስም ከአዲሱ ሐረግ ይልቅ ለመላው ወገን ይስማማል።

ሌላም ልዩነት አለ። በአውሮፓ አልቅት የሕክምና መሣሪያ ነበር። በጥንታዊው እንግሊዝኛ ሐኪምና አልቅት በአንድ ዓይነት ስም ይጠሩ ነበር፤ እ.ኤ.አ. በ1833 ፈረንሳይ ብቻ ከ40 ሚሊዮን በላይ አልቅት ከውጭ አስገብታለች። በእኛ አገር ግን ደም ማውጣት ሲያስፈልግ ቆዳው ተበጥቶ በዋግምት ይሳባል እንጂ አልቅት አይጠራም። ስለዚህ አልቅት በአማርኛ የደዌ እንጂ የፈውስ ስም ሆኖ አያውቅም። በአነጋገርም «እንደ አልቅት ተጣበቀ» የሚባለው የሰውን ሀብትና ጉልበት ሳይለቅ ለሚበላ ነው። ዛሬ የአልቅት ሕክምና በተቆረጠና በተሰፋ አካል ላይ ደም እንዲዘዋወር ለመርዳት ተመልሷል፤ የአሜሪካ የምግብና የመድኃኒት አስተዳደርም እ.ኤ.አ. በ2004 ፈቅዶታል። ይህን የሚያነብ ኢትዮጵያዊ እንዳይደናገር ሁለቱ ዓይነቶች በስም መለየት ይኖርባቸዋል።

የስያሜው ሐሳብ

ከላይ ከተዘረዘረው በመነሣት የሚከተለው ይቀርባል። ለመላው ወገን አልቅት ይባል። «ሊምናቲስ ኒሎቲካ» የዓባይ አልቅት ይባል፤ ይህም የሳቪኚን ስም በቀጥታ ይመልሳል፤ ከዚህም በላይ በግብጽ የተሰየመውን ፍጥረት ዓባይ ከሚነሣበት አገር ጋር ያገናኘዋል። «ሂሩዶ መዲሲናሊስ» የሕክምና አልቅት ይባል። ፍቹም እንደሚከተለው ቢጻፍ ይሻላል፦

አልቅት (ግዕዝ፦ ዐለቅት)፦ ብዙውን ጊዜ በወንዝ፣ በኩሬና በረግረግ የሚኖር፣ አካሉ ቀለበት በቀለበት የሆነ፣ በጫፎቹ የሚጣበቅ ፍጥረት። የዓባይ አልቅት፦ ከሚጠጣ ውኃ ጋር ገብቶ በሰውና በእንስሳ አፍንጫ፣ አፍና ጉሮሮ የሚይዝ፣ ደም የሚመጥ የአልቅት ዓይነት። አልቅት ያዘው፦ አልቅት ከውስጡ ገብቶ ተጣበቀበት፤ ምልክቱ ሳያቋርጥ ከአፍ ወይም ከአፍንጫ የሚወርድ ደም ነው።

የመጨረሻው ሐረግ በፍቹ ውስጥ መግባቱ የአነጋገር ጌጥ ለመጨመር አይደለም። በከተማ ተምሮ ወደ ገጠር ጤና ጣቢያ የተመደበ ባለሙያ፣ ከአፍንጫው ደም የሚፈሰው ልጅ ወላጆች «አልቅት ይዞት ይሆናል» ሲሉት፣ በመማሪያው መጽሐፍ ያነበበውን የቆዳ ላይ ትል አስቦ የልጁን እግርና ክንድ ቢመለከት ምንም አያገኝም። ልጁ ግን ደሙ እየቀነሰ ይሄዳል፤ አልቅቱ የተጣበቀው በማንቁርቱ አጠገብ ከሆነም ትንፋሹን ሊዘጋው ይችላል። ወላጆቹ ተስፋ ቆርጠው በልማድ ወደሚታወቀው የትንባሆ ጭማቂ ቢመለሱ፣ ትንባሆ ራሱ መርዝነት ስላለው ለሕፃን ሌላ አደጋ ይሆናል። ባለሙያው የቃሉን ሙሉ ፍች ቢያውቅ ግን አፍና አፍንጫውን፣ ጉሮሮውንም በብርሃን መርምሮ፣ ያየውን በመሣሪያ ይዞ ያወጣል፤ ያልደረሰበትንም ወደሚችል ሐኪም ይልካል።

መዝገበ ቃላት የሚዘጋጀው ለሊቃውንት ክርክር ብቻ አይደለም። በደብረ ወርቅ ዙሪያ ከብቱን ወደ ኩሬ የሚነዳው እረኛና መጽሐፍ ይዞ የሚመጣው ባለሙያ በአንድ ስም አንድ ነገር እንዲረዱ ለማድረግም ነው። ስሙ ከአክሱም ዘመን ጀምሮ በእጃችን አለ፤ ፍቹም በገበሬው አነጋገር ተጠብቆ ቆይቷል። ከእኛ የሚፈለገው ሁለቱን ሳይለያዩ መዝግቦ ለተማሪውና ለሐኪሙ ማድረስ ነው።