የሰይጣን ቤትና የብረቷ ሴት

በአዲስ አበባ መጀመሪያ ከተከፈቱት ሲኒማ ቤቶች አንዱን ሕዝቡ «የሰይጣን ቤት» ብሎ እንደ ሰየመው የከተማችን ታሪክ ያወሳል። ሥጋና ደም የሌለው ሰው በግድግዳ ላይ ሲራመድ ላየ፣ ሌላ ስም ከወዴት ይመጣለታል? ዛሬ በኮልፌ ቀራንዮ ይህን ስም የሚሰሙ ወጣቶች ይሥቃሉ። ነገር ግን አውሮፓውያን ራሳቸው በዚያ ዘመን በሸራው ላይ ምን ያሳዩ እንደ ነበር ቢመረምሩ ሣቃቸው በቀነሰ ነበር።

ፈረንሳዊው ዦርዥ ሜሊዬስ አስቀድሞ በፓሪስ የምትሐት ትርኢት አሳይ ነበር። በፈረንጆች አቆጣጠር በ1896 ሰይጣን የሚገለጥበትን ፊልም ሠራ፤ በ1902 ደግሞ 14 ደቂቃ ያህል የሚፈጀውን «ጉዞ ወደ ጨረቃ» አወጣ። በዚህ ፊልም የከዋክብት ሊቃውንት ሹል ቆብ ደፍተው ጠንቋይ መስለው ይቀርባሉ። ከመድፍ የተተኮሰችው መንኰራኵር የጨረቃን ዐይን ትወጋለች፤ የጨረቃ ነዋሪዎችም በጃንጥላ ሲመቱ ጢስ ሆነው ይጠፋሉ። (ወደ ጨረቃ ጃንጥላ ይዞ መሄድ እንግዲህ የፈረንሳዊ ጠባይ ነው።)

ከሁሉ የሚበልጠው ግን ፍሪትስ ላንግ በ1927 በበርሊን ያሳየው «ሜትሮፖሊስ» ነው። ከምድር በታች ሠራተኞች የሚደክሙበት ትልቅ መኪና ሲፈነዳ፣ የከተማው ጌታ ልጅ መኪናው አፉን ከፍቶ ሰው የሚበላ ሞሎክ የተባለ የጥንት ጣዖት ሆኖ ይታየዋል። የብረቷን ሴት የሠራው ሮትቫንግም በአዲሱ ከተማ መካከል በቀረች አሮጌ ቤት ይኖራል፤ በበሩ ላይ ባለ አምስት ጫፍ ኮከብ አለ። በዚሁ ሥራው አንድ እጁን አጥቶ በብረት እጅ ተክቶታል።

ይህን ሰው አያቶቻችን ያውቁታል። ቀን ማረሻ የሚቀጠቅጥላቸውን ባለእጅ፣ ማታ ጅብ የሚሆን ቡዳ ነው ይሉት ነበር፤ ማረሻውን ግን አልመለሱለትም። ዳግማዊ ምኒልክ በ1900 ዓ.ም. ሠራተኛን በሥራው መስደብን የሚከለክል ዐዋጅ ያስነገሩት ስለዚህ ነው። ልዩነቱ በርሊን ፍርሃቷን ለፊልም ስታውለው፣ እኛ ጎረቤታችንን ከሰርግና ከማኅበር ያራቅንበት መሆኑ ነው። ጉዳቱም ከፊልም ጉዳት ጋር አይነጻጸርም፤ ልጁ የአባቱን መዶሻ እንዳይወርስ ያሳፈረው ይኸው ስም ነበርና።

በፈረንጆች አቆጣጠር በ2015 ስፔናዊው ሚጌል ያንሶ ዳንኤል ታደሰን ዋና ተዋናይ አድርጎ በኢትዮጵያ የቀረጸው «ፍርፋሪ» የተባለ ፊልም ወጣ። በዚያ መንኰራኵሯ በሰማይ ላይ ተንጠልጥላ ቆማለች፤ ከጠፋው ዓለም የተረፈው የፋብሪካ አሻንጉሊትም እንደ ክታብ ይከበራል።