ምራቋን የዋጠች ልጅ

ክዳን ያላት ትንሽ የፕላስቲክ ዕቃ ሰጡኝ። አሥራ ሁለተኛ ክፍል ነበርኩ፤ ሳሉ ከያዘኝ ሦስት ሳምንት አልፎታል። «አክታ ይዘሽ ነይ» አለችኝ ሲስተሯ፣ ከመዝገቡ ቀና ሳትል። የት ሄጄ፣ እንዴት አድርጌ የሚለውን አልነገረችኝም፤ እኔም አልጠየቅኩም። ወረፋ የያዘው ሰው ግማሹ የሰፈሬ ሰው ነው፤ የዕድራችን ጸሐፊ እንኳን አግዳሚው ላይ ተቀምጠዋል። ከሕንጻው ጀርባ ዞርኩና ግራ ቀኝ አይቼ፣ ድምፅ ሳላሰማ እንትፍ አልኩ። የወጣው ንጹሕ ነጭ አረፋ ነበር። ክዳኑን ገጥሜ፣ ዕቃውን በነጠላዬ ሸፍኜ መለስኩ።

ውጤቱ «ኔጋቲቭ» ሆነ። እናቴ «ተመስገን» አለች። ሳሉ ግን ውጤቱን የሰማ አይመስልም።

እኛ ቤት ሰው ፊት ጉሮሮን መጎተት ነውር ነው፤ ለሴት ልጅማ አይወራም። ቋንቋችንም ራሱ ያግዛል። የበሰለ፣ የተረጋጋ ሰው ስናመሰግን «ምራቁን የዋጠ» እንላለን። ሽማግሌ ሲመርቅ «እንትፍ እንትፍ» ስለሚል ምራቅ አንዳንዴ በረከትም ነው። አክታ ግን የሚቀመጥበት ጥሩ ቃል የለውም። ያኔ ያልገባኝ ነገር ምራቅና አክታ ጭራሽ የተለያዩ መሆናቸው ነው። ምራቅ የአፍ ነው። አክታ ከሳንባና ከአየር ቧንቧ በሳል ተገፍቶ የሚወጣ ነው። እኔ ለላቦራቶሪው የሰጠሁት ስለ ሳንባዬ ምንም የማያውቅ ምስክር ነበር።

በኋላ፣ ነገሩ ካለፈ በኋላ፣ የዚህችን ዕቃ ታሪክ ማንበብ ጀመርኩ። ሰው መቼ ነው አክታን እንደ ምስክር መጥራት የጀመረው?

በጣም ድሮ ነው። በሂፖክራተስ ስም በሚታወቁት የጥንት ግሪክ ጽሑፎች ውስጥ፣ እየከሳ የሚያስል ሰው አክታው ፍም ላይ ይደረጋል። ሽታው ከከበደና ፀጉሩም መርገፍ ከጀመረ፣ ሐኪሙ ሰውየው እንደማይተርፍ ያውቃል። ምርመራው መሞቱን እንጂ ምን እንደሚገድለው አይናገርም። ከዚያ ወዲህ ለብዙ መቶ ዓመታት ሐኪሞች የአክታን ቀለም፣ ውፍረትና ሽታ ሲያዩ ኖሩ፤ በሽታው ግን ለአንዱ የዘር፣ ለሌላው የመጥፎ አየር ጉዳይ ነበር።

ይሄ የተቀየረበት ቀን ይታወቃል። መጋቢት ላይ፣ እ.ኤ.አ. ማርች 24 ቀን 1882፣ በርሊን ውስጥ ሮበርት ኮክ የሚባል ሐኪም በፊዚዮሎጂ ማኅበር ስብሰባ ላይ ቆሞ የሳንባ ነቀርሳን የሚያመጣውን ባክቴሪያ እንዳገኘ ተናገረ። ያኔ ከሚሞተው ሰው ሰባት አንዱን ይገድል የነበረ በሽታ ነው። ኮክ ብዙ ስላይዶችና ማይክሮስኮፖች ይዞ ነበር የመጣው፤ የሰማ ሁሉ በገዛ ዓይኑ እንዲያይ። ንግግሩን ሲጨርስ ያጨበጨበም የጠየቀም አልነበረም ይባላል። ሰው ዝም ብሎ ወደ ማይክሮስኮፖቹ ሄደ። ዛሬ ማርች 24 የዓለም የቲቢ ቀን የሆነው በዚሁ ምክንያት ነው።

ግን የኮክ ዘዴ ለጤና ጣቢያ የሚሆን አልነበረም። ባክቴሪያውን በሰማያዊ ቀለም ለመንከር አንድ ሙሉ ቀን ይፈጃል። ምክንያቱም ይሄ ባክቴሪያ ሰም የመሰለ ቅባት ለብሷል። ቅቤ የተቀባ ፀጉር ላይ ውሃ እንደሚንሸራተት፣ ቀለምም እሱ ላይ ይንሸራተታል።

የዚያን ቀን አዳራሹ ውስጥ ፖል ኤርሊክ የሚባል ወጣት ሐኪም ተቀምጦ ነበር። ሥራው ሁሉ ቀለም ነው። ወዲያው ወደ ቤተ ሙከራው ተመልሶ መሞከር ጀመረ። ሲነገር የኖረው ታሪክ እንዲህ ነው፦ አንድ ማታ ስላይዶቹን እንዲደርቁ ቀዝቃዛ ምድጃ ላይ አስቀምጧቸው ሄደ፤ ጠዋት ሌላ ሰው ሳያያቸው ምድጃውን ለኮሰው። ኤርሊክ ደንግጦ አንስቶ ሲያያቸው ባክቴሪያዎቹ ከምንጊዜውም በላይ ደምቀው ታዩ። ሙቀቱ ቀለሙን በቅባቱ ውስጥ አስገብቶታል። ታሪኩ ተጋንኖ ሊሆን ይችላል፤ ዋናው ግኝቱ ግን አልተጋነነም። አንዴ ቀለም የጠጣው ባክቴሪያ በአሲድ እንኳን ሲታጠብ አይለቅም፤ ሌላው ሁሉ ይለቃል። እ.ኤ.አ. እስከ 1883 ድረስ ዚልና ኒልሰን የሚባሉ ሁለት ጀርመኖች ዘዴውን አሻሻሉት። በሰማያዊ ሜዳ ላይ ቀያይ ቀጫጭን ዘንጎች የሚያሳየው የዚል-ኒልሰን ዘዴ፣ ከመቶ ዓመት በላይ አልፎትም የእኔን ስላይድ ያቀለመው እሱ ነው።

ኤርሊክ ራሱም ከጥቂት ዓመታት በኋላ ሳል ያዘው። የገዛ አክታውን መርምሮ ባክቴሪያውን እዚያው አገኘው። ያኔ መድኃኒት ስላልነበረ እ.ኤ.አ. በ1888 ደረቅና ሞቃት አየር ፍለጋ ወደ ግብፅ ሄደ። ዳነ፤ እ.ኤ.አ. በ1908 ደግሞ የኖቤል ሽልማት ተቀበለ። ይሄን ሳነብ ቅናት ነገር ተሰማኝ። ሰውየው ከሳንባው የወጣውን ነገር ቀጥ ብሎ አየው። እኔ በነጠላ ሸፈንኩት።

እርግጥ ነው፣ ሐፍረቱን እኛ ብቻ አልፈጠርነውም። በሽታው በአክታ እንደሚተላለፍ ከታወቀ በኋላ አውሮፓና አሜሪካ በመትፋት ላይ ዘመቻ ከፈቱ። የኒውዮርክ ከተማ እ.ኤ.አ. በ1896 በሕዝብ ቦታ መትፋትን ከለከለች። ጀርመናዊው ሐኪም ፒተር ዴትቫይለር እ.ኤ.አ. በ1889 በኪስ የምትያዝ፣ ክዳን ያላት ሰማያዊ ብርጭቆ አስተዋወቀ፤ ሰው «ሰማያዊው ሄንሪ» የሚል ቅጽል አወጣላት። ሐሳቡ ጥሩ ነበር፤ ግን ያቺን ብርጭቆ ከኪሱ ያወጣ ሰው በሽታውን በአደባባይ አወጀ ማለት ነው። አክታ ላቦራቶሪ ውስጥ የሚፈለግ ማስረጃ፣ መንገድ ላይ ደግሞ ጥፋት ሆነ። ታማሚው መሀል ላይ ቀረ።

ማይክሮስኮፑ ደግሞ ጎበዝ ቢሆንም ገደብ አለው። ባክቴሪያው በማይክሮስኮፕ እንዲታይ በአንድ ሚሊ ሊትር አክታ ውስጥ ከ5,000 እስከ 10,000 ያህል መኖር አለበት። አረፋ ምራቅ ላይ ይሄን ማግኘት ከባድ ነው። እ.ኤ.አ. በ2007 ላንሴት በሚባለው የሕክምና መጽሔት ላይ የወጣ ጥናት ይሄን በሚገባ አሳየኝ። ጥናቱ የተሠራው ፓኪስታን፣ ራዋልፒንዲ ውስጥ ነው። እዚያ ሴቶች ከወንዶች ባነሰ ቁጥር ነበር ቲቢ የሚገኝባቸው። አጥኚዎቹ አዲስ ማሽን አላመጡም። ለግማሾቹ ታማሚዎች አክታ እንዴት እንደሚወጣ በአጭሩ አስረዷቸው፣ ያ ብቻ። ምንም ካልተነገራቸው ሴቶች 8 በመቶዎቹ ላይ በሽታው ሲገኝ፣ ከተነገራቸው 13 በመቶዎቹ ላይ ተገኘ። በወንዶቹ ላይ ለውጥ አልነበረም። ልዩነቱ ጥቂት ደቂቃ ወሬ ነው።

ዛሬ ጂን ኤክስፐርት የሚባለው ማሽን አለ። የዓለም ጤና ድርጅት እ.ኤ.አ. በ2010 ደግፎታል፤ በሁለት ሰዓት ገደማ የባክቴሪያውን ዘረመል ፈልጎ፣ ዋናውን መድኃኒት መላመድ አለመላመዱንም ይናገራል። ከማይክሮስኮፕ እጅግ የረቀቀ ነው። እሱም ግን የሚጀምረው ከዚያችው ክዳን ካላት ዕቃ ነው።

ከሁለት ወር በኋላ፣ ልብሴ ሁሉ ሲሰፋኝ፣ ሌላ ጤና ጣቢያ ሄድኩ። ያመጣሁትን ዕቃ ጸጉራቸው የሸበተ የላቦራቶሪ ባለሙያ ብርሃን ላይ አንስተው አዩት።

«የኔ ልጅ፣ ይሄ እኮ ምራቅ ነው።»

ከዚያ በሩን ከፍተው ወደ ጓሮ ይዘውኝ ወጡ። መጀመሪያ በውሃ ተጉመጥመጪ አሉኝ። ሁለቴ በረጅሙ አየር ሳቢና ያዝ አድርገሽ ልቀቂ፤ በሦስተኛው ከሆድሽ ጎትተሽ ሳሉን አውጪው። «ነገ ደግሞ ጠዋት ስትነሺ፣ ምንም ሳትቀምሺ ድገሚው፤ ሌሊት የተጠራቀመው ነው የሚናገረው። አትፈሪ፣ እኛ የምንፈልገው እሱን ነው» ብለው፣ ፊታቸውን ወደ ግድግዳው አዙረው ቆሙልኝ። በሕይወቴ እንደዚያ ጮክ ብዬ ስዬ አላውቅም።

ውጤቱ ፖዘቲቭ፣ ሁለት ፕላስ።

መድኃኒቱ ስድስት ወር ነበር፤ ሁለት ወር በአራት ዓይነት፣ አራት ወር በሁለት ዓይነት። ዳንኩ። ግን ከመጀመሪያው «ኔጋቲቭ» እስከዚህ ባሉት ሁለት ወራት ከእኔ ጋር አንድ ፍራሽ ላይ ትተኛ የነበረችው የአራት ዓመት እህቴ ናት። እሷም ክብደት መቀነስ ጀምራ ነበር። ትንንሽ ልጆች አክታቸውን መትፋት አይችሉም፤ ይውጡታል። ስለዚህ ጠዋት፣ በባዶ ሆዷ፣ በአፍንጫዋ ቀጭን ቱቦ አስገብተው ከሆዷ ቀዱት። እናቴ እጆቿን ይዛ፣ እኔ እግሯን። ያን ቀን የጮኸችው ጩኸት እኔ ያልሳልኩት ሳል ነው የሚመስለኝ።

ዛሬ ደህና ናት፤ ከእኔ ትረዝማለች። ባለፈው ጉንፋን ይዟት መታጠቢያው ጋ ቆማ ጉሮሮዋን እየጎተተች ስትተፋ እናቴ ከሳሎን ሰማቻት።

«ኧረ አንቺ ልጅ፣ ሰው ይሰማል!»

«እማዬ፣ ተያት» አልኩ።