ደንገል፣ ታንኳና የሐይቁ ሰዎች

(ለአዲስ አንባቢዎች በሬዲዮ ከተነበበ ንግግር የተገለበጠ)

በባሕር ዳር፣ በዘጌ፣ በጎርጎራ፣ በደቅ ደሴትና በሐይቁ ዙሪያ የምትገኙ አዲስ አንባቢዎች፣ በሉ፣ ደብተራችሁን ግለጡ። የዛሬው ቃላችን ደንገል ነው። ደ፣ ን፣ ገ፣ ል። ደንገል። ከ“ድንግል” ጋር እንዳታምታቱት። ደ ድ ሲሆን፣ ገ ግ ሲሆን ቃሉ ሌላ ይሆናል። እኛ የምንለው ውኃ ዳር የሚበቅለውን፣ ራሱ ላይ እንደ ጭራ የተበተነ ጠጉር ያለውን ረጅሙን ተክል ነው። ታንኳ የሚሠራበትን።

በዚህች ቃል ታሪክ እንማራለን። በተክል እንዴት ታሪክ ይማሩበታል ትሉ ይሆናል። እስቲ አብረን እንይ።

ጣና የአገራችን ትልቁ ሐይቅ ነው። ስፋቱ ከ3000 ካሬ ኪሎ ሜትር ይበልጣል። ግልገል ዓባይ፣ ጉማራ፣ ርብ፣ መገጭ የሚባሉት ወንዞች ይገቡበታል። የሚወጣው ግን ዓባይ ብቻ ነው፤ እሱም እዚሁ ባሕር ዳር አጠገብ። ሐይቁ ሲታይ የሚያስፈራ ትልቅ ይሁን እንጂ ጥልቀቱ ያን ያህል አይደለም። አብዛኛው ቦታ ከ14 ሜትር አይዘልቅም። በመካከሉ 37 ደሴቶች እንዳሉ ይነገራል። ይህን ሁሉ እናንተ ከኔ ይበልጥ ታውቁታላችሁ፤ ስለዚህ ወደ ደንገሉ ልመለስ።

ደንገል በውስጡ እንደ ስፖንጅ ያለ ነጭ ነገር አለው። በዚያ ነጭ ነገር ውስጥ አየር ስላለ ውኃ ላይ ይንሳፈፋል። ሠሪው ደንገሉን አጭዶ ፀሐይ ላይ ያሰጣዋል። ሲደርቅ እየጠቀለለ በገመድ ጥርቅም አድርጎ ያስረዋል። ጥቅሉን ከጥቅሉ ያጋጥማል፣ ፊቱንና ኋላውን ቀና ያደርጋል። ከውስጥ ደግሞ ሌላ ደንገል ይደረድርበታል፤ ጭነቱ ውኃ እንዳይነካው ነው። ምስማር የለ፣ ሳንቃ የለ። መቅዘፊያው ቀርከሃ ነው። ታንኳው ውኃ እየጠጣ ስለሚከብድ ማታ ከሐይቁ ወጥቶ ፀሐይ እንዲመታው ይደረጋል። እንዲያም ሆኖ ዕድሜው አጭር ነው። ጥቂት ወራት ካገለገለ ይበሰብሳል፣ ሠሪውም ሌላ ያስራል። ለዚህ ነው ከጥንት ታንኳዎች አንዱም ያልቀረልን። ግንብ ይቀራል፣ ደንገል ይጠፋል።

ግንቡን ያየ ሰው ታሪክ የግንብ ብቻ ይመስለዋል። እኔ በመምህራን ማሰልጠኛ ስማር የታሪክ ደብተሬ በነገሥታት ስም የተሞላ ነበር። ማን ነገሠ፣ በስንት ዓመተ ምሕረት ነገሠ፣ ማንን ወለደ። ታንኳ የሚያስር ሰው አንድም አልተጻፈበትም። ነገር ግን አስቡት፤ ዳጋ እስጢፋኖስ ደሴት ላይ የዐፄ ይኩኖ አምላክ፣ የዐፄ ዳዊት፣ የዐፄ ዘርዐ ያዕቆብ፣ የዐፄ ዘድንግልና የዐፄ ፋሲል አፅም ይገኛል። ደሴት ነው፤ ድልድይ የለውም። ታዲያ እነዚያ ነገሥታት በምን ተሻገሩ? በታንኳ ነው እንጂ ሌላ በምን!

ክብራን ገብርኤልም እንዲሁ። ከ1400 ዓ.ም. ዙሪያ ጀምሮ በሥዕል ያጌጠ ወንጌል የነበረው ገዳም ነው። ብራናው፣ ጤፉ፣ ዕጣኑ፣ የሕንፃው እንጨት ሁሉ በውኃ ላይ ነው የሄደው። በአሕመድ ግራኝ ጦርነት ጊዜ መጻሕፍትና ንዋያተ ቅድሳት ከየብስ ወደ ደሴቶች ሸሹ። ያ ጦርነት ያበቃው በየካቲት ወር 1535 ዓ.ም. ከሐይቁ በስተ ምሥራቅ በወይና ደጋ ነው። ከዚያ በኋላ ነገሥታቱ ወደዚህ ወደ ጣና ዙሪያ አዘነበሉ። ዐፄ ሱስንዮስ በጎርጎራ ተቀመጡ። ልጃቸው ዐፄ ፋሲል በ1628 ዓ.ም. ጎንደርን ቆረቆሩ። ይህን በሌላ ጊዜ በሰፊው እናነባለን።

ስለ ዐፄ ቴዎድሮስ ግን አንድ ነገር ሳልነግራችሁ አላልፍም። በ1858 ዓ.ም. እንግሊዞችን ቆራጣ ላይ አስቀምጠው ሳለ መርከብ ልሥራ ብለው ተነሡ። በምን ሠሩት መሰላችሁ? በደንገል! ትልልቅ ሁለት ጀልባዎች አሠሩ። በየጎናቸው መንኮራኩር ተደረገላቸው፤ መንኮራኩሩን እንደ መሣሪያ መሳያ ድንጋይ ሰው በእጁ ያዞረዋል። በእንፋሎት የሚሄደውን የፈረንጅ መርከብ በአገራቸው ተክል ሊያስመስሉት ፈልገው ነው። አልሆነላቸውም። እኔ ግን ይህን ባነበብሁ ቁጥር እደነቃለሁ። ሞኝነት ነው የሚሉ አሉ። ሰው ግን ባለው ነገር ነው የሚጀምር።

አሁን ከጣና ትንሽ ራቅ እንበል። ወደ ምዕራብ፣ ሱዳንን አልፈን ብንሄድ ቻድ የሚባል ሐይቅ አለ። ዳርቻውን አራት አገሮች ይካፈሉታል። ናይጀሪያና ኒጀር ከምዕራብ አፍሪካ፣ ካሜሩንና ቻድ ከመካከለኛው አፍሪካ። በዚያ ሐይቅ ደሴቶች ላይ ራሱን የዲና ብሎ የሚጠራ ሕዝብ ይኖራል። ጎረቤቶቹ ቡዱማ ይሉታል፤ የሣር ወይም የሸምበቆ ሰዎች እንደ ማለት ነው። ከብት ያረባሉ፣ ዓሣ ያጠምዳሉ። ታንኳቸውም እንደ እኛው ከደንገል የታሰረ ነው። እኛንና እነሱን ያገናኘ መንገድ የለም፤ ሥራው ግን አንድ ነው።

ሁለቱ ሐይቆች አንድ ጊዜ ግን ተገናኝተዋል። ቶር ሄየርዳል የሚባል የኖርዌይ ተመራማሪ የጥንት ሰዎች በደንገል ጀልባ ውቅያኖስ መሻገር ይችሉ እንደ ሆነ ለማየት ፈለገ። ደንገሉን ከየት አመጣ? ከጣና። ማን ሠራው? ከቻድ ሐይቅ የመጡ የቡዱማ ሰዎች። ግብፅ ውስጥ፣ በፒራሚዶቹ ግርጌ አሰሩት። ስሙንም “ራ” አሉት። በግንቦት ወር 1961 ዓ.ም. ከሞሮኮ ተነሥቶ በአትላንቲክ ላይ ስምንት ሳምንት ያህል ተጓዘ፤ ሊደርስ ጥቂት ሲቀረው ተጎዳና ሰዎቹ ተዉት። በዓመቱ፣ በ1962 ዓ.ም.፣ ሁለተኛው ራ ተሠራ። ደንገሉ አሁንም ከኢትዮጵያ ነው፤ ሠሪዎቹ ግን ከደቡብ አሜሪካ፣ ከቲቲካካ ሐይቅ የመጡ ናቸው። በ57 ቀን ባርባዶስ ደረሰ። የጣና ዳር ሣር ውቅያኖስ ተሻገረ!

ዓለም ይህን በጋዜጣ አነበበ። እዚህ ግን ታንኳ የሚያስረው ሰው በገዛ አገሩ እንዴት ይታይ ነበር? የዛሬው ትምህርቴ ዋናው እሱ ነው።

ታንኳ የሚሠራው አንድ ወገን ብቻ አይደለም። የዘጌም ሰው፣ ሌላውም የዳር ሰው ይሠራል። ይሁን እንጂ ከጥንት ጀምሮ ኑሯቸው ከሐይቁና ከደንገሉ ጋር የተያያዘው ወይጦዎች ናቸው። ዛሬ ነገደ ወይጦ ይባላሉ። ታንኳ ያስራሉ፣ ዓሣ ያጠምዳሉ፣ ሴቶቹ ቅርጫት ይሠራሉ፣ የወፍጮ ድንጋይም ይወቅራሉ። የዚህ አገር እህል ከመኪና ወፍጮ በፊት በማን ድንጋይ ይፈጭ እንደ ነበር እናቶቻችሁን ጠይቁ። ቀድሞ ጉማሬ በታንኳ ተጠግተው በጦር ያድኑ ነበር። ከቆዳው አለንጋና ጋሻ ይወጣል፤ ሥጋውን ይበላሉ። በዚህ በሥጋው ምክንያት ነው ጣጣው የመጣ። ጉማሬ ይበላሉ ተብለው ክርስቲያኑም አብሯቸው አይበላም፣ ሙስሊሙም አይበላም፤ ጋብቻማ የማይታሰብ ነው። እነሱ ራሳቸው ሙስሊሞች ነን ይላሉ። ድንጋያቸውን ገዝቶ እህል የሚፈጭ ሰው ደጃፉ ላይ አያስቀምጣቸውም ነበር። ይህ ነገር ዛሬም ፈጽሞ ጠፍቷል ብል እዋሻችኋለሁ።

ወይጦዎች ቀድሞ የራሳቸው ቋንቋ ነበራቸው። ጄምስ ብሩስ የሚባል የስኮትላንድ ተጓዥ በ1762 ዓ.ም. ጎንደር መጥቶ ነበር። የዓባይን ምንጭ ፈልጎ ነው የመጣው። ወይጦዎች የሚናገሩት ቋንቋ በአገሩ ካለው ሁሉ ፈጽሞ የተለየ መሆኑን ሰማና ለማወቅ ፈለገ። ንጉሡን ለምኖ ሁለት ወይጦዎችን አስጠራ። ሰዎቹ መጡ። ጠየቃቸው፤ አልመለሱም። የሚባሉትን የሰሙትም አይመስሉም። እንሰቅላችኋለን ተብለው ሲያስፈራሯቸው እንኳ አልተናገሩም። በዚህ ቀረ። ገመድ እያሳዩት ማን የእናቱን ቋንቋ ያስተምራል?

ከዚያ በኋላ መቶ ሠላሳ ዓመት ከዚያም በላይ አለፈ። በ1900 ዓ.ም. ገደማ ዩጂን ሚትቮክ የሚባል ጀርመናዊ ምሁር ስለ ወይጦዎች ጻፈ። ሁሉም አማርኛ ይናገራሉ አለ። በ1921 ዓ.ም. ገደማ ደግሞ ማርሴል ግሪዮል የሚባል ፈረንሳዊ በዚህ አለፈ። እሱም የሰማው አማርኛ ነው። ግን አንድ ቀን አንድ ወይጦ በሞተው ቋንቋ ዘፈን ዘፈነለት። ዘፋኙ ራሱ ምን እንደሚል አያውቅም። የገቡት ጥቂት ቃላት ብቻ ናቸው። እነሱም የጉማሬ የአካል ክፍሎች ስሞች ናቸው።

እስቲ ይህን ቆም ብለን እናስበው። አንድ ቋንቋ ሲሞት መጨረሻ የሚቀረው የሥራው ቃል ነው። ጉማሬ ሲገደል ብልቱ ሁሉ ይከፋፈላል፣ ለየብልቱ ስም ያስፈልጋል፤ ስለዚህ ስሙ ቀረ። ልጅ የሚታቀፍበት ቃል፣ ሙሾ የሚወርድበት ቃል ግን ሄደ። ዘፈኑም አልተጻፈም። በዚያን ጊዜ ከነሱ መካከል ፊደል የቆጠረ ቢኖር ኖሮ በአማርኛ ፊደልም ቢሆን ሊጽፈው ይችል ነበር። ፊደል የማን ነው አይልም፤ የሰሙትን ድምፅ ይጽፉበታል።

ደግሞ የሚያስገርመው ነገር አለ። የጥንት ግብፆች ከ4000 ዓመት በፊትም ይጽፉበት የነበረው ወረቀት የተሠራው ከደንገል ነው። የወረቀቱ ተክል በደጃቸው በቅሎ፣ እነሱ ሲያጭዱትና ሲያስሩት ኖረው፣ ቋንቋቸው ግን ሳይጻፍ ቀረ። የኛም ካህናት የጻፉት በፍየልና በበግ ቆዳ ነው፤ ደንገሉን ለታንኳ ተዉት።

ባሕር ዳር ከተማ ራሷ ልጅ ናት። ጣልያን በ1928 ዓ.ም. ሲገባ በጊዮርጊስ ቤተ ክርስቲያን ዙሪያ ያለች ትንሽ መንደር ነበረች። በ1953 ዓ.ም. የጨርቃ ጨርቅ ፋብሪካው ተከፈተ፣ በ1955 ዓ.ም. ፖሊ ቴክኒኩ ተከተለ። ከተማዋ ሰፋች። ሐይቁ ዳር የነበሩ የወይጦ መንደሮች ቦታው ለሌላ ሲፈለግ ወደ ኋላ ተገፉ። ሆቴልና መዝናኛ ሐይቁን ማየት ይፈልጋል፤ ታንኳ ሠሪም ሐይቁን ይፈልጋል፤ ማን እንዳሸነፈ ታውቃላችሁ። የእርሻ መሬት ቀድሞም አልነበራቸውም። ውኃው ሸሸት ሲል ዳሩ ይታረሳል፣ ደንገሉ ይመነጠራል። በ1995 ዓ.ም. ሐይቁ ክፉኛ ጎድሎ ጀልባዎች መሄድ አቅቷቸው ነበር። ከ2004 ዓ.ም. ጀምሮ ደግሞ እምቦጭ የሚባለው አረም ዳርቻውን ወረረው። የቡዱማዎቹ ሐይቅ የደረሰበት ከዚህ የባሰ ነው። በ1955 ዓ.ም. ገደማ ቻድ ሐይቅ 25000 ካሬ ኪሎ ሜትር ያህል ነበር፤ በ1970ዎቹ ድርቅ ከአሥር እጅ አንዱ ያህል ብቻ ቀረ።

ደንገል ከሌለ ታንኳ የለም። ታንኳ ሠሪዎችም ወደ ቀን ሥራ ይሄዳሉ። ልጆቻቸው ዛሬ ትምህርት ቤት ይገባሉ፤ ይህ ደስ ያሰኛል። ክፍል ውስጥ ግን “ወይጦ” የሚለው ቃል እንደ ስድብ ሲወረወር የሰማን መምህራን አለን። የነገድ ስም ነው፤ ስድብ አይደለም። እናንተም በደብተራችሁ እንደ ማንኛውም ሕዝብ ስም ጻፉት። ወ፣ ይ፣ ጦ።

በሉ፣ የቤት ሥራ ልስጣችሁ። በሐይቁ ዳር ያሉ ብዙ ቦታዎች ትርጉማቸው የማይታወቅ ስም አላቸው። በምትኖሩበት አካባቢ ካሉት ሽማግሌዎችና አሮጊቶች ሦስት የቦታ ስም ጠይቁ፤ የድንጋይ፣ የወንዝ፣ የውኃ ዳር፣ ማናቸውም ይሁን። ትርጉሙ ባይታወቅም እንደ ሰማችሁት በፊደል ጻፉት። ነገደ ወይጦ የሆናችሁ አድማጮች ደግሞ አባቶቻችሁን ስለ ታንኳው ክፍሎች ስም ጠይቁልን። በሚቀጥለው ሳምንት ከየቀበሌው የመጣውን እናነባለን። እስከዚያው ደኅና ሰንብቱ።