የቢሮ ሠራተኛውና ላብ አደሩ፦ በአሜሪካ የሥራ ታሪክ የአንድ ድንበር አመጣጥ

በ19ኛው ክፍለ ዘመን አጋማሽ በኒው ዮርክና በቦስተን የንግድ ቤቶች ይሠራ የነበረ ጸሐፊ ራሱን ከላብ አደሩ ጋር አይቆጥርም ነበር። ቀኑን ሙሉ ደብዳቤ ሲገለብጥ፣ መዝገብ ሲይዝና ሒሳብ ሲያመሳክር ይውላል። ደመወዙ ከአንድ ጎበዝ አናጺ ገቢ ላይበልጥ ይችላል። ሆኖም ከነጋዴው ጎን ተቀምጦ ንግዱን ስለሚማር ነገ እርሱም ባለ ድርጅት እንደሚሆን ያምናል። በሁለቱ ሠራተኞች መካከል ያለውን ድንበር ያሰመረው ከገቢው ይልቅ ይህ ተስፋ ነበር።

ድንበሩ የተናጋው ሥራው ሲበዛና ሲከፋፈል ነው። በእርስ በርስ ጦርነቱ ወቅት (እ.ኤ.አ. 1861–1865) ወንዶች ወደ ጦር ሜዳ ሲሄዱ፣ የአገሪቱ ግምጃ ቤት ኃላፊ ፍራንሲስ ስፒነር የብር ኖት የሚቆርጡና የሚቆጥሩ ሴቶችን ቀጠሩ። በ1864 የሴቶቹ የዓመት ደመወዝ 600 ዶላር ሲሆን፣ ዝቅተኛው የወንድ ጸሐፊ ደረጃ 1,200 ዶላር ነበር። በ1870ዎቹ ሬሚንግተን ኩባንያ የጽሕፈት መኪናን ገበያ ላይ አዋለ፤ የባቡር፣ የኢንሹራንስና የፖስታ ሽያጭ ድርጅቶችም በመቶ የሚቆጠሩ ጸሐፊዎችን በአንድ አዳራሽ መደርደር ጀመሩ። በ1930 ከቢሮ ጸሐፊዎች ግማሽ ያህሉ፣ ከታይፒስቶች ደግሞ ሁሉም ለማለት በሚቻል ደረጃ ሴቶች ነበሩ። ባለ ድርጅት የመሆን ተስፋ ለእነርሱ ከመነሻው ዝግ ነበር።

ፍሬድሪክ ቴይለር በ1911 ያሳተመው የፋብሪካ ሥራ አመራር ትምህርትም ብዙ ሳይቆይ ቢሮ ገባ። ተከታዩ ዊልያም ሌፊንግዌል ደብዳቤ ለመክፈት የሚያስፈልገውን የእጅ እንቅስቃሴ ሳይቀር በሰዓት ለካ። ሃሪ ብሬቨርማን በ1974 ባሳተመው ጥናት የቢሮ ሥራ ከፋብሪካ ሥራ የሚለይበት ነገር እየጠፋ መሄዱን ያስረዳው ይህን ሁሉ ተከትሎ ነው። ስለ ሥራው ይዘት የሰጠው ፍርድ ትክክል ነው። የሠራተኛው አመለካከት ግን ከሥራው ጋር እኩል አልተለወጠም፤ ምክንያቱም የቢሮ ወንበር ሌላም መለያ ነበር። በ1940 በሥራ ላይ ከነበሩ ጥቁር ሴቶች ከመቶ 60 ያህሉ የቤት ሠራተኞች ሲሆኑ፣ በቢሮ የተቀጠሩት እጅግ ጥቂት ነበሩ። ይህ በር በስፋት የተከፈተው ከ1964ቱ የሲቪል መብቶች ሕግ በኋላ ነው።

የ1935ቱ የዋግነር ሕግ በግል ድርጅቶች የሚሠሩ ሰዎችን የመደራጀት መብት ሲያስከብር፣ የብረትና የመኪና ፋብሪካ ሠራተኞች በፍጥነት ተጠቀሙበት። የመንግሥት ሠራተኞች ከሕጉ ውጭ ቀሩ። የ1938ቱ የሥራ ሰዓት ሕግም የአስተዳደርና የሙያ ሠራተኞችን ከትርፍ ሰዓት ክፍያ ስላገለለ፣ አሮጌው ድንበር የሕግ መልክ ያዘ።

ድንበሩን በተግባር የተሻገረው ግን ያልተጠበቀ ወገን ነው። በ1932 በዊስኮንሲን ግዛት ዋና ከተማ በማዲሰን የመንግሥት ቢሮ ሠራተኞች ሥራቸው ለፖለቲከኞች ወዳጆች እንዳይታደል ለመከላከል ማኅበር መሠረቱ። አድማ የሚጠራ ድርጅት ለመሆን አላሰቡም። ማኅበሩ ከጊዜ በኋላ በአሜሪካ ከሚገኙ ትልልቅ የመንግሥት ሠራተኞች ማኅበራት አንዱ ሆኖ ቆሻሻ የሚያነሡ ሠራተኞችንም አቀፈ። በየካቲት 1968 በሜምፊስ ሁለት የጽዳት ሠራተኞች በቆሻሻ መኪና መጭመቂያ ተደፍጥጠው ሲሞቱ፣ 1,300 ያህል ጥቁር ሠራተኞች አድማ የመቱት በዚሁ ማኅበር ጥላ ሥር ነው። ማርቲን ሉተር ኪንግ የተገደሉት እነርሱን ለመደገፍ ከተማዋ በገቡበት ጊዜ ነበር፤ ከ12 ቀናት በኋላ የከተማው አስተዳደር ለማኅበሩ ዕውቅናና የደመወዝ ጭማሪ ሰጠ። ለጸሐፊዎች የተፈጠረ ድርጅት የአገሪቱን እጅግ የተገፉ ላብ አደሮች ጥያቄ ማስመለሱ በአሜሪካ የሥራ ታሪክ ውስጥ ትልቅ ቦታ የሚገባው ድል ነው።

ከዚያ ወዲህ የማኅበራት ክብደት ወደ መንግሥት መሥሪያ ቤቶች አዘንብሏል። በ2023 ከመንግሥት ሠራተኞች ከመቶ 32.5ቱ የማኅበር አባላት ሲሆኑ፣ በግል ድርጅቶች ግን፣ ፋብሪካውም ቢሮውም ተደምሮ፣ አባላቱ ከመቶ 6 ብቻ ነበሩ።