የሸክላ ሙዚቃ ዲጂታል ቅጂ
በሸክላ ላይ የታተመን ሙዚቃ በከፍተኛ ጥራት ወደ ኮምፒዩተር ፋይል የማዛወር ሥራ። ሸክላው በመጀመሪያ ከአቧራና ከቅባት ይጸዳል። ከዚያም መርፌው ከሸክላው የሚያነሣው ደካማ ምልክት በማጉያ ይጎላል፤ የወፍራሙና የቀጭኑ ድምፅ ሚዛን ይስተካከላል፤ በመጨረሻም ወደ ቁጥር ይለወጣል። የሲዲ ጥራት 16 ቢትና 44.1 ኪሎኸርዝ ሲሆን፣ ለክምችት የሚቀዳው ብዙ ጊዜ 24 ቢትና 96 ኪሎኸርዝ ነው።

ከኢትዮጵያ ዘመናዊ ሙዚቃ አብዛኛው ዝነኛ የሸክላ ሥራ የታተመው አምሃ እሸቴ እ.ኤ.አ. በ1969 አዲስ አበባ ውስጥ ባቋቋመው አምሃ ሪከርድስና እርሱን በተከተሉ አሳታሚዎች ነው። ፈረንሳዊው ፍራንሲስ ፋልሴቶ ያዘጋጀው «ኢትዮፒክስ» ተከታታይ እ.ኤ.አ. ከ1990ዎቹ መጨረሻ ጀምሮ የጥላሁን ገሠሠን፣ የማሕሙድ አሕመድንና የሙላቱ አስታጥቄን ሥራዎች በሲዲ ለዓለም አዳርሷል። የእንዲህ ያሉ ሥራዎች የመጀመሪያው የማስተር ክር በጠፋበት ጊዜ፣ በደንብ የተያዘ ሸክላ ዋናው የቅጂ ምንጭ ይሆናል።